«አምኗል» ከተባለ በኋላ

በቤትዎ ገንዘብ ጠፋ እንበል። ከልጆችዎ አንዱን ጠረጠሩ። ጠየቁት፤ ካደ። ደግመው ጠየቁት፤ አለቀሰ። ለሦስተኛ ጊዜ ድምፅዎን ከፍ አድርገው ሲጠይቁት አንገቱን ደፍቶ «አዎ፣ እኔ ነኝ» አለ። ታዲያ ጉዳዩ በዚህ ያበቃል? አብዛኞቻችን «ካመነማ ምን ቀረ!» ብለን ወደ ቅጣቱ እንሄዳለን። ማታ የትዳር ጓደኛዎ ከሥራ ሲመለሱ፣ «ጠዋት ቸኩዬ ሳልነግርህ ወጣሁ እንጂ ገንዘቡን ለመብራት የከፈልኩት እኔ ነኝ» ቢሉስ? ልጁ ያላደረገውን ለምን አመነ?

ይህን ጥያቄ ከማንም በላይ በከባድ ሁኔታ የተጋፈጠ አንድ እንግሊዛዊ መርማሪ ፖሊስ ነበረ። ዴቪድ ቤከር ይባላል። ጡረታ ከወጣ ብዙ ዓመታት አልፈዋል። የእርሱና የአንድ ሳይንቲስት ታሪክ በ2015 እ.ኤ.አ. በእንግሊዝ ቴሌቪዥን በድራማ መልክ እስከ መቅረብ ደርሷል። ዛሬ በዓለም ዙሪያ ፖሊሶች የሚጠቀሙበት የዲኤንኤ ምርመራ ለመጀመሪያ ጊዜ በወንጀል ጉዳይ ላይ የተሠራበት እርሱ በመራው ምርመራ ነው። ታሪኩን የምናነሣው ግን ስለ መሣሪያው ድንቅነት ብቻ ለመናገር አይደለም። ይልቁንም መሣሪያው በመጀመሪያ ያደረገው ነገር ብዙዎቻችን የምንገምተው ስላልሆነ ነው።

ሁለት ልጃገረዶች፣ አንድ ተጠርጣሪ

ናርበሮ በእንግሊዝ አገር ሌስተር ከተባለችው ከተማ ጥቂት ኪሎ ሜትር ርቃ የምትገኝ መንደር ናት። በኅዳር ወር 1983 እ.ኤ.አ. አንዲት የ15 ዓመት ልጃገረድ ከቤቷ እንደወጣች ሳትመለስ ቀረች። በማግስቱ በአንድ የእግር መንገድ ዳር ተደፍራና ታንቃ ተገኘች። ፖሊስ ብዙ ሰው ጠየቀ፣ ብዙ ደከመ፤ ነገር ግን ገዳዩን ማግኘት አልቻለም። በእጁ የነበረው የሳይንስ ማስረጃ የደም ዓይነት ነበር። ይህ ደግሞ ከአሥር ወንዶች በአንዱ ላይ የሚገኝ ስለነበረ ብዙዎችን ከጥርጣሬ ቢያወጣም አንዱን ለይቶ «ይህ ነው» ለማለት አያስችልም ነበር።

ሁለት ዓመት ከስምንት ወር አለፈ። በሐምሌ ወር መጨረሻ 1986 እ.ኤ.አ. በአጎራባቿ በኤንደርቢ ሌላ የ15 ዓመት ልጃገረድ በተመሳሳይ መንገድ ተገደለች። የሁለቱ መንደሮች ወላጆች ምን እንደተሰማቸው መገመት አያዳግትም። ሴት ልጅ ያለው ሁሉ በር በሩን ያይ ጀመር። በሕዝቡ ፊት የሚጠየቀው ደግሞ ምርመራውን የሚመራው ቤከር ነበር።

ብዙም ሳይቆይ አንድ የ17 ዓመት ወጣት ተያዘ። ልጁ ትምህርት በቀላሉ የማይገባው፣ በአካባቢው ባለ ሆስፒታል ወጥ ቤት የሚሠራ ነበር። ሲጠየቅ ለሕዝብ ያልተገለጹ አንዳንድ ነገሮችን የሚያውቅ ሆኖ ተገኘ። በመጨረሻም ሁለተኛዋን ልጅ መግደሉን አመነ። የመጀመሪያዋን ግን «አልገደልኩም» ብሎ ጸና።

በቤከር ቦታ ቢሆኑ ምን ያደርጉ ነበር? ተጠርጣሪው ተይዟል፤ አምኗል፤ ሕዝቡ እፎይ ብሏል። የአለቆች ምስጋና በደጅ ነው። ፖሊሶቹም ሁለቱን ልጆች የገደለ አንድ ሰው መሆኑን አልተጠራጠሩም። የቀረው ልጁ የመጀመሪያውን ግድያ እንዲያምን ማድረግ፣ ወይም ሳያምን ማረጋገጥ ብቻ ነበር።

ያልተጠበቀው መልስ

እዚያው ሌስተር ዩኒቨርሲቲ ውስጥ አሌክ ጄፍሪስ የሚባል ሳይንቲስት ይሠራ ነበር። መስከረም 10 ቀን 1984 እ.ኤ.አ. ሰኞ ጠዋት፣ በላብራቶሪው ውስጥ አንድ የራጅ ፊልም አንሥቶ ሲመለከት፣ የአንዲት ረዳቱና የወላጆቿ ዲኤንኤ በተርታ ጥቁር መስመሮች ሆኖ ታየው። የልጅቱ መስመሮች ከፊሎቹ ከእናቷ፣ የቀሩት ከአባቷ የመጡ ነበሩ። የሦስቱም ግን የተለያየ ነበር። ጄፍሪስ ያየው ነገር ወዲያው ገባው። እያንዳንዱ ሰው፣ ከአንድ እንቁላል ከተፈጠሩ መንትዮች በቀር፣ የራሱ የሆነ ምልክት በደሙ፣ በምራቁ፣ በፀጉሩ ሥር ይዞ ይዞራል ማለት ነው።

ይህ ግኝት መጀመሪያ የተሠራበት ጉዳይ የወንጀል አልነበረም። በ1985 እ.ኤ.አ. የአንድ ጋናዊ ቤተ ሰብ ልጅ ወደ እንግሊዝ ሲመለስ ባለ ሥልጣኖች «የእናቱ ልጅ መሆኑ ያጠራጥራል» ብለው ከልክለውት ነበር። ምርመራው ልጁ በእርግጥ የእናቱ ልጅ መሆኑን አረጋገጠ፤ እናትና ልጅም ሳይለያዩ ቀሩ። በስደት ጉዳይ ኤምባሲ የዲኤንኤ ምርመራ ጠይቋቸው ውጤቱን በጭንቀት የጠበቁ የአገራችን ቤተ ሰቦች የዚያችን እናት ደስታ ከማንም በላይ ይረዱታል።

ቤከር ይህን ምርመራ በማስታወስ ከሁለቱ ግድያዎች የተገኘውን ናሙናና የወጣቱን ደም ወደ ጄፍሪስ ላከ። የሚጠብቀው መልስ ግልጽ ነበር፤ ልጁ ሁለቱንም መግደሉ እንዲረጋገጥ።

መልሱ መጣ። ፖሊሶቹ በአንድ ነገር ትክክል ነበሩ፤ ሁለቱን ልጃገረዶች የገደለው አንድ ሰው ነው። በሌላው ግን ፈጽሞ ተሳስተዋል። ያ ሰው በእስር ላይ ያለው፣ ወንጀሉን ያመነው ወጣት አይደለም።

ጄፍሪስ ራሱ መጀመሪያ አዲሱ ዘዴ የተሳሳተ መስሎት ነበር። የመንግሥት የፎረንሲክ ባለሙያዎች በበኩላቸው እንደገና መረመሩት፤ ያገኙትም ያንኑ ነው። በኅዳር ወር 1986 እ.ኤ.አ. ወጣቱ በነፃ ተለቀቀ። በዲኤንኤ ማስረጃ ከወንጀል ነፃ የወጣ በዓለም የመጀመሪያው ሰው ሆነ።

እስቲ እዚህ ላይ ጥቂት እንቁም። አዲሱ ዘዴ ወደ ምርመራ ክፍል በገባ ጊዜ የመጀመሪያ ሥራው ጥፋተኛን መያዝ ሳይሆን ንጹሕን ማስፈታት ነበር። ቤከር ውጤቱን ደብቆ፣ «ሳይንቲስቱ ምን ያውቃል፣ ልጁ በአፉ አምኗል» ማለት በቻለ ነበር። እንዲህ ቢል የሚቃወመው ሰው ብዙ ባልሆነ። ነገር ግን እጁ የገባውን ተጠርጣሪ ለቅቆ፣ በሕዝብ ፊት ባዶ እጁን ቀርቦ ምርመራውን ከዜሮ ጀመረ። ለአንድ ስመ ጥር መርማሪ ከዚህ የከበደ ምን አለ?

የደም አውጫጭኝ

ቀጥሎ የሆነው ነገር አያቶቻችንን የሚያስገርማቸው አይመስለንም። በቀድሞ ዘመን በአገራችን ሌባ ወይም ነፍሰ ገዳይ ሲሰወር የአካባቢው ሰው በአውጫጭኝ ይሰበሰብ እንደነበር ከአባቶች ሰምተናል። ጥፋተኛው እስኪታወቅ ድረስ ማንም ወደ ቤቱ አይሄድም ነበር። ቤከርም በጥር ወር 1987 እ.ኤ.አ. እንደዚያው ያለ ነገር አደረገ። የሦስት መንደር ወጣቶችና ጎልማሶች ሁሉ በፈቃዳቸው ደም እንዲሰጡ ጠየቀ። ወደ 5,000 የሚሆኑ ወንዶች ተሰልፈው ሰጡ። ወራት የፈጀ ምርመራ ተካሄደ። የአንዱም ደም ከገዳዩ ጋር አልገጠመም።

ምክንያቱ በኋላ ታወቀ። ኮሊን ፒችፎርክ የተባለ የዳቦ መጋገሪያ ሠራተኛ፣ ባለ ትዳርና የልጆች አባት፣ አንድ የሥራ ባልደረባውን ለምኖ በእርሱ ስም ደም እንዲሰጥለት አድርጎ ነበር። በነሐሴ ወር 1987 እ.ኤ.አ. ያ ባልደረባ መጠጥ ቤት ተቀምጦ ያደረገውን ለጓደኞቹ አወራ። ከአፍ ከወጣ አፋፍ እንዲሉ፣ ከሰሙት መካከል አንዲት ሴት ነገሩ ኅሊናዋን አላስቀምጥ ቢላት ወደ ፖሊስ ሄዳ ተናገረች። ፒችፎርክ በመስከረም ወር ተያዘ። ዲኤንኤው ከሁለቱም ግድያዎች ጋር ገጠመ። በጥር ወር 1988 እ.ኤ.አ. የዕድሜ ልክ እስራት ተፈረደበት። በ2021 እ.ኤ.አ. በአመክሮ ቢለቀቅም ሁለት ወር ያህል ቆይቶ ወደ ወህኒ ተመልሷል።

አስተዋሉ? ከአምስት ሺህ ሰው ደም ያልተገኘው እውነት የተገኘው «ዝም ብል ምን አገባኝ» ባላለች በአንዲት ሴት ነው። ሳይንሱ ንጹሑን ለየ፤ ሳይንሱ ጥፋተኛውን አረጋገጠ። በመካከል ያለውን ድልድይ የሠራው ግን የሰው ኅሊና ነበር።

ጡረተኛውና ሰባቱ ቤት

በቤከር ዘመን የሠለጠኑ መርማሪዎች ዛሬ ሁሉም ጡረታ ወጥተዋል። ከእነርሱ አንዱ ወደ ቀድሞ ቢሮው ለጉብኝት ቢመለስ ምን ያገኛል? በእርሱ ጊዜ ዋናው መሣሪያ የተመታ ጫማ፣ የማስታወሻ ደብተርና የጎረቤት ወሬ ነበር። አሁን የመንገድ ካሜራ አለ። ሰውየው የት እንደዋለ የእጅ ስልኩ ይናገራል። ጄፍሪስ ለምርመራው ጠብታ ደም ያስፈልገው ነበር፤ ዛሬ በበር እጀታ ላይ የቀሩ በዓይን የማይታዩ ጥቂት ሕዋሳት ይበቃሉ።

ከአዲሶቹ ዘዴዎች ሁሉ የሚደንቀው ግን ለእኛ ለኢትዮጵያውያን እንግዳ ያልሆነው ነው። በአሜሪካ ካሊፎርኒያ ከ1970ዎቹ አጋማሽ እስከ 1986 እ.ኤ.አ. ድረስ አንድ ሰው ሌሊት ሌሊት ቤት እየሰበረ 13 ሰዎችን ገደለ፤ ወደ 50 የሚሆኑ ሴቶችንም ደፈረ። ብዙ መርማሪዎች ሳያገኙት ጡረታ ወጡ። ፖል ሆልስ የተባለ መርማሪ ይህን መዝገብ ከ1994 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ሲከታተል ኖሮ እርሱም የጡረታ ጊዜው ደረሰ።

በመጨረሻ የሠራው ዘዴ የዘር ሐረግ ቆጠራ ነበር። ብዙ ሰዎች የጠፋ ዘመድ ለማግኘት ብለው በፈቃዳቸው ዲኤንኤያቸውን የሚያስገቡበት መዝገብ አለ። ሆልስና ባልደረቦቹ የገዳዩን ዲኤንኤ እዚያ አስገብተው የሩቅ ዘመዶቹን አገኙ። ከእነርሱ ተነሥተው ከቅድመ አያት በላይ፣ በ1800ዎቹ ወደ ኖሩ ሰዎች ወጡ። ከዚያም ልጅ፣ የልጅ ልጅ እያሉ ወደ ታች ወረዱ። የአገራችን ሽማግሌዎች ጋብቻ ሲታሰብ ዘመድ ከዘመድ እንዳይጋባ እስከ ሰባት ቤት እንደሚቆጥሩት ማለት ነው። ቆጠራው ጆሴፍ ዲአንጄሎ በተባለ የ72 ዓመት አዛውንት ላይ አደረሳቸው። አርባ ዓመት ሙሉ በተጠርጣሪዎች ዝርዝር ውስጥ ስሙ ያልነበረ፣ እርሱ ራሱ በአንድ ወቅት ፖሊስ የነበረ ሰው!

ሆልስ በመጋቢት ወር 2018 እ.ኤ.አ. በሥራ ዘመኑ ማብቂያ ላይ መኪናውን እየነዳ ወደ ዲአንጄሎ ቤት ሄደ። ከደጁ ቆሞ «በሩን አንኳኩቼ አንድ ናሙና ብጠይቀውስ?» ብሎ እንዳሰበ ራሱ ተናግሯል። ሃያ አራት ዓመት ያሳደደው ሰው ምናልባት ከዚያ በር በስተጀርባ ነበረ። እርሱ ግን አላንኳኳም። ገና እርግጠኛ አልነበረምና። መኪናውን አስነሥቶ ሄደ፤ ጡረታም ወጣ። ሌሎች ባልደረቦቹ ከሰውየው የመኪና በር እጀታና ከጣለው ቆሻሻ ናሙና ወስደው፣ መግጠሙን አረጋግጠው በሚያዝያ ወር ያዙት። ዲአንጄሎ በ2020 እ.ኤ.አ. ጥፋቱን በፍርድ ቤት አምኖ ዕድሜ ልክ ተፈረደበት።

መሣሪያውም ይሳሳታል

«እንግዲያው ከሰው ይልቅ መሣሪያውን ማመን ነው» ይሉ ይሆናል። ጥቂት ይቆዩ። በጀርመን አገር ፖሊሶች ለዓመታት አንዲት ምስጢራዊ ሴት ሲፈልጉ ኖረዋል። ዲኤንኤዋ በጀርመን፣ በኦስትሪያና በፈረንሳይ 40 ገደማ በሚሆኑ የወንጀል ስፍራዎች ተገኝቶ ነበር። በ2007 እ.ኤ.አ. ሃይልብሮን በተባለች ከተማ አንዲት ፖሊስ በተገደለች ጊዜም ያው ምልክት ተገኘ። አገሩ ሁሉ ስለዚያች አስፈሪ ሴት ያወራ ጀመር።

በ2009 እ.ኤ.አ. እውነቱ ወጣ። እንዲህ ያለች ወንጀለኛ በምድር ላይ አልነበረችም። ዲኤንኤው ፖሊሶች ናሙና የሚጠርጉበትን ጥጥ በፋብሪካ ስታዘጋጅ የነበረች ሠራተኛ ነበር። መሣሪያው አልዋሸም፤ የተጠየቀውን መልሷል። ስሕተቱ ያለው «ጥጡ ራሱ ንጹሕ ነው ወይ?» ብሎ የጠየቀ ሰው ለረጅም ጊዜ በመታጣቱ ነው። የፖሊሷ እውነተኛ ገዳዮች ሌሎች መሆናቸው የታወቀው በ2011 እ.ኤ.አ. ነው።

አንድ ምስክር ብቻውን እንዳይበቃ የሙሴ ሕግ አስቀድሞ የደነገገውን እናውቃለን። ምስክሩ ሰው ቢሆን፣ ተጠርጣሪው ራሱ ቢሆን፣ የላብራቶሪ ወረቀትም ቢሆን ነገሩ ያው ነው። በአሜሪካ በዲኤንኤ ነፃ ከወጡት ሰዎች መካከል ሩብ ያህሉ ያልሠሩትን ወንጀል «ሠርቻለሁ» ብለው ያመኑ ወይም ራሳቸውን የሚያስወነጅል ቃል የሰጡ ነበሩ። ለምን ያምናሉ ቢሉ፣ ደክሟቸው፣ ፈርተው፣ «አምኜ ልገላገል» ብለው፣ አንዳንዴም የጠያቂያቸው እርግጠኝነት የራሳቸውን ትውስታ አሸንፎት ነው። ከሁሉ ይልቅ ለዚህ የተጋለጡት ልጆችና አእምሯቸው ደካማ የሆኑ ሰዎች ናቸው።

በእኛ ቤት ያለው ምርመራ ክፍል

አሁን ወደ ጀመርንበት ቤት እንመለስ። ሁላችንም በቤታችን መርማሪዎች ነን። ባል የሚስቱን ስልክ ያያል፤ ሚስት የባሏን ኪስ ትፈትሻለች። ወላጅ ልጁን በጥያቄ ያፋጥጣል። ከዚያም አንድ የማናውቀው ቁጥር፣ አንድ የዘገየ ሰዓት፣ አንድ «አዎ» ስናገኝ መዝገቡን እንዘጋለን። ቤከር በእጁ የነበረው ማስረጃ ከዚህ ሁሉ የበለጠ ነበር። ሆኖም ተሳስቶ ነበር።

የእነዚህ ጡረተኞች ታሪክ ለትዳርና ለቤተ ሰብ ሦስት ነገር ያስተምራል። በመጀመሪያ፣ ከመፍረድዎ በፊት የራስዎን ግምት ሊያፈርስ የሚችለውን ጥያቄ ይጠይቁ። «ጥፋተኛ መሆኑን በምን ላረጋግጥ?» ብቻ ሳይሆን «ጥፋተኛ ባይሆንስ በምን አውቃለሁ?» ይበሉ። ቤከር ናሙናውን ሲልክ የሚጠብቀው ሌላ ነበር፤ ነገር ግን «አይደለም» ሊለው የሚችል ሰው ዘንድ ስለላከው አንድ ልጅ ከሞት ባልተናነሰ ፍርድ ዳነ።

ሁለተኛ፣ በጩኸት የተገኘ «አዎ» እውነት ላይሆን ይችላል። ልጅዎ ሲፈራ የሚነግርዎ እርስዎ መስማት የሚፈልጉትን ነው። ሲረጋጋ የሚነግርዎን ይጠብቁ። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል የተባለው ለዚህ ነው።

ሦስተኛ፣ መሳሳትዎን ሲያውቁ በሩን ይክፈቱ። ያለ ጥፋቱ የተቀጣ ልጅ የሚፈልገው አይስክሬም አይደለም። ወንድሞቹና እኅቶቹ ባሉበት «ተሳስቼ ነበር፤ አንተ እውነት ተናግረሃል» የሚል የአባት ወይም የእናት ቃል ነው። ለትዳር ጓደኛም እንዲሁ። ጥርጣሬያችንን ጮክ ብለን ተናግረን ይቅርታውን በሹክሹክታ ብንል አይመዛዘንም።

የዚያ የ17 ዓመት ወጣት ስም በዚህ ጽሑፍ አልተጠቀሰም። ያላደረገው ነገር ከስሙ ጋር ተያይዞ የኖረበት ዘመን ይበቃዋልና። እርስዎስ፣ በቤትዎ ተዘግቶ የቆየ፣ እንደገና መከፈት ያለበት መዝገብ አለ? ካለ ዛሬ ማታ፣ ከእራት በኋላ፣ ረጋ ባለ ድምፅ ይጀምሩት። በመጀመሪያም «እኔ ተሳስቼ ይሆን?» ብለው ይጀምሩ።